የመንደር ድርሻ ሲቀር ከሳሹ ማን ነው?

ሩዋይስ፣ ጅዳ፦ የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. ኦክቶበር 27 ቀን 2025 የሰጠው አጭር ትእዛዝ በዓለም የዜና አውታሮች ሰፊ ቦታ አላገኘም። ጉዳዩ የጦርነትም የምርጫም አልነበረም። የሕንድ ማዕከላዊ መንግሥት ለምዕራብ ቤንጋል ግዛት መንደሮች ያቆመውን የሥራ ገንዘብ መልሶ እንዲለቅ የካልካታ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ወስኖበት ነበር፤ መንግሥትም ይግባኝ አለ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ይግባኙን አልተቀበለውም። ከሦስት ዓመት በላይ ታግዶ የቆየው የመንደር ገንዘብ ክርክር በዚህ መልኩ ለከሳሾቹ ተወሰነ።

ጉዳዩን ችሎት ፊት ካቆሙት መካከል አንዱ የገጠር የቀን ሠራተኞች ማኅበር ነው። ማኅበሩ ያቀረበው ክስ አንድ ሰው ስለ ራሱ ገንዘብ የሚያሰማው አቤቱታ አልነበረም። ችሎት ፊት ለመቆም አቅምም ዕውቀትም በሌላቸው እጅግ ብዙ የመንደር ነዋሪዎች ስም የቀረበ፣ በሕንድ ሕግ «የሕዝብ ጥቅም ክስ» የሚባለው ዓይነት ነው።

ጉዳዩ ለሩዋይስ ነዋሪ ሩቅ መስሎ ሊታይ ይችላል። ሩዋይስ ዛሬ በታላቋ ጅዳ የተዋጠ ሰፈር ይሁን እንጂ ቀድሞ ከከተማዋ ቅጥር ውጭ በስተሰሜን የነበረ የዓሣ አጥማጆች መንደር ነው። በጅዳና በመካ ሰፈሮች የሚኖሩ ኢትዮጵያውያንም አብዛኞቹ የመንደር ልጆች ናቸው። ከወሎ፣ ከጅማ፣ ከአርሲ፣ ከሐረርጌ ወይም ከትግራይ ገጠር የመጣ ሠራተኛ ከደመወዙ ቀንሶ የሚልከው ለቤተሰቡ ብቻ አይደለም። ለቀበሌው የውሃ ጉድጓድ፣ ለትምህርት ቤቱ ቆርቆሮ፣ ለጤና ኬላው በርና መስኮት ያዋጣል። ይህ ልግስና የሚመሰገን ነው። ነገር ግን አንድ ጥያቄ ዘወትር ሳይነሣ ይታለፋል፦ ለዚያ ጉድጓድ ወይም ለዚያ ትምህርት ቤት ከመንግሥት ግምጃ ቤት የተመደበ ድርሻ ነበረን? ነበረ ከተባለስ፣ ሳይደርስ ሲቀር ማን ይጠይቃል? የትስ ሄዶ ይጠይቃል?

ሌባው ይያዝ፣ መንደሩ ግን አይቀጣ

የሕንዱ ክርክር መነሻ እ.ኤ.አ. በ2005 የወጣውና በኋላ በማህተማ ጋንዲ ስም የተሰየመው የገጠር ሥራ ዋስትና ሕግ ነው። ሕጉ በጉልበቱ ሊሠራ ፈቃደኛ የሆነ አባል ላለው ለእያንዳንዱ የገጠር ቤተሰብ በዓመት ቢያንስ 100 የሥራ ቀን እንዲሰጥ ይደነግግ ነበር። የመንደር መንገድ መጥረግ፣ ኩሬ መቆፈር፣ የመስኖ ቦይ ማውጣትና የመሳሰለውን ሥራ አቅዶ የሚያሠራው በዋነኛነት «ፓንቻያት» የሚባለው የመንደር ምክር ቤት ነበር። የሠራተኛው ክፍያም ሥራው ከተሠራ በኋላ በ15 ቀናት ውስጥ እንዲደርሰው ታዞ ነበር።

ማዕከላዊው መንግሥት እ.ኤ.አ. ማርች 9 ቀን 2022 ለምዕራብ ቤንጋል የሚለቀውን ገንዘብ አቆመ። ምክንያቱ በግዛቲቱ አንዳንድ ወረዳዎች በሥራው አፈጻጸም ላይ ጉድለትና ብልሹ አሠራር ተገኝቷል የሚል ነው። ሕጉ በእርግጥ እንዲህ ያለ ቅሬታ ሲቀርብ ገንዘቡን የማገድ ሥልጣን ይሰጥ ነበር፤ ዳሩ ግን ጉድለቱ በተመጣጣኝ ጊዜ ውስጥ እንዲታረምም ያዝዝ ነበር። በምዕራብ ቤንጋል የሆነው ሌላ ነው። ጥፋት በተገኘባቸው ጥቂት ወረዳዎች ሰበብ መላው ግዛት፣ ባልተወሰነ ጊዜ፣ ከመርሐ ግብሩ ውጭ ሆነ። ስሙን በሐሰት መዝግቦ የበላውም፣ በእውነት ቆፍሮ ላቡን ያፈሰሰውም እኩል ተቀጡ።

የካልካታ ከፍተኛ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. ጁን 18 ቀን 2025 በሰጠው ውሳኔ ሁለቱን ነገሮች ለያቸው። ምርመራው ይቀጥል፣ የተመዘበረውም ገንዘብ ይመለስ አለ። ማዕከላዊው መንግሥት ምዝበራ እንዳይደገም ለግዛቲቱ የተለየ ቅድመ ሁኔታና ቁጥጥር እንዲያስቀምጥም ፈቀደ። መርሐ ግብሩ ግን ለዘለዓለም ታግዶ ሊቀመጥ ስለማይችል ከኦገስት 1 ቀን 2025 ጀምሮ እንዲቀጥል አዘዘ። የፍርዱ መንፈስ ባጭሩ፣ ሌባው ይያዝ፣ መንደሩ ግን አይቀጣ የሚል ነው። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም ይህን ውሳኔ አልነካውም።

ደጁ እንዴት ተከፈተ?

ሕንድ ከእንግሊዝ የወረሰችው የሥነ ሥርዓት ሕግ ከሳሽ የሚሆነው መብቱ ወይም ጥቅሙ በቀጥታ የተነካበት ሰው ብቻ ነው የሚል ነበር። ይህ ደንብ እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ መጨረሻ መላላት ጀመረ። እ.ኤ.አ. በ1979 ፍርድ ሳይሰጣቸው በቢሃር ግዛት እስር ቤቶች ለዓመታት የተረሱ ሰዎች ጉዳይ ከጋዜጣ ዘገባ ተነሥቶ ወደ ጠቅላይ ፍርድ ቤት መጣ። ዳኛ ክሪሽና አየርና ዳኛ ባግዋቲ በመሩት አቅጣጫ፣ በድህነት ወይም በአቅም ማነስ ራሱ ሊከስ ለማይችል ሰው ሌላው በቅን ልቡና ሊከስለት እንደሚችል ታወቀ። እ.ኤ.አ. በ1981 የተሰጠ ታላቅ ፍርድ ይህንኑ መርሕ አጸናው። ፍርድ ቤቱ በተራ ደብዳቤ የደረሰውን አቤቱታ እንኳ እንደ ክስ ቆጥሮ ያስተናገደበት ጊዜ ነበር።

ከአካባቢ አስተዳደር ገንዘብ ጋር በቀጥታ የተያያዘው ቀዳሚ ፍርድ የራትላም ከተማ ጉዳይ ነው። በማዕከላዊ ሕንድ ያለችው የራትላም ከተማ ነዋሪዎች በሰፈራቸው የሚፈሰው ክፍት ፍሳሽና ክርፋቱ እንዳስመረራቸው ለዳኛ አመለከቱ። የከተማው ማዘጋጃ ቤት መልስ በብዙ አገሮች የሚሰማው ዓይነት ነበር፤ ገንዘብ የለኝም አለ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ እ.ኤ.አ. በ1980 መልሱን አልተቀበለም። በሕግ የተጣለበትን መሠረታዊ ግዴታ ያልተወጣ አካል የካዝናውን ባዶነት መከላከያ ሊያደርገው አይችልም ሲል ፈረደ። እ.ኤ.አ. በ2016 በድርቅ የተመቱ ግዛቶችን በሚመለከት በቀረበ የሕዝብ ጥቅም ክስም ይኸው መርሕ ተደግሟል፤ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ለገጠር ሥራ የሚውለው ገንዘብ በወቅቱ እንዲለቀቅ አዟል።

ፍርድ ቤቶቹ እንዲህ ሊደፍሩ የቻሉት በእጃቸው የተጻፈ ሕግ ስለነበረ ነው። እ.ኤ.አ. ከኤፕሪል 24 ቀን 1993 ጀምሮ በሥራ ላይ የዋለው 73ኛው የሕገ መንግሥት ማሻሻያ ለመንደር ምክር ቤቶች ሕገ መንግሥታዊ ህልውና ሰጠ። ምርጫቸው በየአምስት ዓመቱ እንዲካሄድ ደነገገ፤ ሊሰጧቸው የሚችሉ 29 የሥራ መስኮችን ዘረዘረ፤ እያንዳንዱ ግዛትም በየአምስት ዓመቱ የፋይናንስ ኮሚሽን አቋቁሞ የምክር ቤቶቹን ድርሻ እንዲያስጠና አዘዘ። የ15ኛው ብሔራዊ የፋይናንስ ኮሚሽን ከ2021 እስከ 2026 ላሉት ዓመታት ለገጠር ምክር ቤቶች 236,805 ክሮር ሩፒ እንዲሰጥ ሐሳብ አቅርቧል፤ አንድ ክሮር አሥር ሚሊዮን ነው። ከዚሁ ጋር ሒሳባቸው ተመርምሮ ለሕዝብ በግልጽ እንዲወጣ ቅድመ ሁኔታ አስቀምጧል።

ያም ሆኖ የሕንድ መንደሮች ከጥገኝነት አልወጡም። የአገሪቱ ማዕከላዊ ባንክ እ.ኤ.አ. በጃኑዋሪ 2024 ባወጣው ጥናት የመንደር ምክር ቤቶች ከራሳቸው ግብር የሚያገኙት ከገቢያቸው ከመቶ አንድ ያህል ብቻ መሆኑን ገልጿል። ቀሪው ከሞላ ጎደል ከላይ የሚወርድ ድጎማ ነው። ምንጩ በሌላ እጅ ያለ ውሃ በማንኛውም ጊዜ ሊቆረጥ ይችላል፤ የፍርድ ቤቱ ደጅ አስፈላጊ የሆነውም ስለዚህ ነው።

ደጁ ሲከፈት ችግርም አብሮ ገብቷል። ለዝና ወይም ለግል ቂም የሚቀርቡ ክሶች ስለበዙ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ እ.ኤ.አ. በ2010 የከሳሹ ማንነትና ቅንነት አስቀድሞ እንዲጣራ መመሪያ ሰጥቷል። ፍርድም ጊዜ ይወስዳል። የካልካታው ውሳኔ የሚመለከተው መጪውን ጊዜ ነው፤ በእግዱ ዓመታት ያለፉትን የሥራ ቀናት አይመልስም። ያን ጊዜ ሥራ ፍለጋ ከቀዬው የተሰደደውን ቤተሰብም ፍርድ ብቻውን ወደ ነበረበት አይመልሰውም።

የኢትዮጵያ ወረዳ፣ የኢትዮጵያ ፍርድ ቤት

በኢትዮጵያ የመንደር ገንዘብ የሚጓዘው ሌላ መንገድ ይዞ ነው። የፌዴራል መንግሥት ለክልሎች የሚሰጠውን ድጎማ ቀመር የሚወስነው የፌዴሬሽን ምክር ቤት ነው። ክልሎች በበኩላቸው ከ1994 እና 1995 ዓ.ም. ጀምሮ፣ በመጀመሪያ በአማራ፣ በኦሮሚያ፣ በትግራይና በቀድሞው የደቡብ ክልል፣ ለወረዳዎች በቀመር የሚከፋፈል ጥቅል በጀት መመደብ ጀመሩ። የወረዳ ምክር ቤት በጀቱን ያጸድቃል። ከእሱም አብዛኛው ለመምህራን፣ ለጤናና ለግብርና ሠራተኞች ደመወዝ ይውላል። ቀበሌ ግን በአብዛኛው ራሱን የቻለ የበጀት ባለቤት አይደለም። ነዋሪው በየቀኑ የሚያገኘው መንግሥት ቀበሌው ሆኖ ሳለ ቁልፉ ያለው ወረዳው ዘንድ ነው።

ሕገ መንግሥቱ ለዚህ ጉዳይ ባዕድ አይደለም። አንቀጽ 50 ንዑስ አንቀጽ 4 ሕዝቡ በቀጥታ ይሳተፍ ዘንድ ለዝቅተኛ የአስተዳደር እርከኖች በቂ ሥልጣን እንዲሰጥ ያዝዛል። አንቀጽ 41 መንግሥት ለጤና፣ ለትምህርትና ለሌሎች ማኅበራዊ አገልግሎቶች በየጊዜው እያደገ የሚሄድ ሀብት የመመደብ ግዴታ እንዳለበት ይናገራል። አንቀጽ 12 ደግሞ የመንግሥት አሠራር ለሕዝብ ግልጽ እንዲሆን ይደነግጋል።

ጥያቄው እነዚህን ቃላት ይዞ ችሎት ፊት የሚቆመው ማን ነው የሚለው ነው። አንቀጽ 37 ማንኛውም ሰው በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ ቤት የማቅረብ መብት እንዳለው ይገልጻል፤ የአባላቱን ጥቅም የሚወክል ማኅበርና ተመሳሳይ ጥቅም ያለው ቡድን አባል ወይም ተወካይም ሊከስ ይችላል። ነገር ግን በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ በአንቀጽ 33 በክርክሩ ላይ ጥቅም የሌለው ሰው ከሳሽ ሊሆን እንደማይችል ይደነግጋል። ስለዚህ የቀበሌው ነዋሪ ከጎረቤቶቹ ጋር ሆኖ ቢከስ መንገድ አለው፤ በአንቀጽ 38 መሠረት ጥቂቶች በፍርድ ቤቱ ፈቃድ የብዙዎች ወኪል ሆነው መቆም ይችላሉ። የነዋሪው ጉዳይ የሚያሳስበው፣ ነገር ግን ነዋሪ ያልሆነ ማኅበር ሲመጣ ግን ደጁ ይጠብባል።

ደጁ በግልጽ የተከፈተበት አንድ መስክ አካባቢ ጥበቃ ነው። የአካባቢ ብክለት ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 300/1995 ማንኛውም ሰው የግል ጥቅሙ መነካቱን ማስረዳት ሳያስፈልገው በበካዩ ላይ አቤቱታ እንዲያቀርብ ይፈቅዳል። መልስ ካላገኘ ወይም በመልሱ ካልረካ ፍርድ ቤት መሄድ ይችላል። ይህን ተስፋ አድርጎ አክሽን ፕሮፌሽናልስ አሶሲዬሽን ፎር ዘ ፒፕል የተባለው አገር በቀል ድርጅት በ1990ዎቹ መጨረሻ የአካባቢ ጥበቃ ባለሥልጣንን ከሰሰ። ክሱ የአቃቂን ወንዝ የሚመለከት ሲሆን፣ ባለሥልጣኑ ወንዙን ከፋብሪካ ፍሳሽ የመጠበቅ ግዴታውን አልተወጣም የሚል ነበር። ፍርድ ቤቱ ባለሥልጣኑ ራሱ በካይ ስላልሆነ አይከሰስም በሚል ክሱን ውድቅ አደረገው። ውጤቱ ከራትላም ጋር ሲነጻጸር ልዩነቱ ጎልቶ ይታያል። በራትላም ፍርድ ቤቱ የጠየቀው ግዴታውን ያልፈጸመው ማን ነው ብሎ ነበር፤ በአዲስ አበባ ግን የበከለው ማን ነው ብሎ ቆመ።

ከዚያ ወዲህ ሕጉ አልቆመም። የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 የፌዴራል ተቋማትን መመሪያና ውሳኔ በፍርድ ቤት የማስከለስ መንገድ ከፍቷል። የፌዴራል ፍርድ ቤቶች አዋጅ ቁጥር 1234/2013 ደግሞ ለፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት በሕገ መንግሥቱ ምዕራፍ ሦስት የተዘረዘሩትን መብቶች የማስከበር ሥልጣን ሰጥቶታል። ይሁን እንጂ የመንደር በጀት የሚታጠፈውም የሚባክነውም በክልልና በወረዳ ደረጃ ነው። የአስተዳደር ሥነ ሥርዓቱ አዋጅ እዚያ አይደርስም።

ለንደን የደረሰው ክስ

ስለ ኢትዮጵያ ወረዳዎች ገንዘብ የተነሣ አንድ ክስ ችሎት ያገኘው በባሕር ማዶ ነበር። ከ1998 ዓ.ም. ጀምሮ ዓለም ባንክ፣ ብሪታንያና ሌሎች ለጋሾች «የመሠረታዊ አገልግሎቶች ጥበቃ» በተባለ መርሐ ግብር የወረዳ መምህራንንና ባለሙያዎችን ደመወዝ ይደግፉ ነበር። በዚያው ዘመን በጋምቤላ የመንደር ማሰባሰብ ሰፈራ ይካሄድ ስለነበር፣ ሁለቱ ይያያዛሉ የሚሉ የአኝዋክ ተወላጆች እ.ኤ.አ. በ2012 ለዓለም ባንክ የምርመራ ጉባኤ አመለከቱ። ለደኅንነቱ ሲባል «ኦ» ተብሎ ብቻ የተጠራ አንድ የጋምቤላ ገበሬ ደግሞ የብሪታንያን የልማት ሚኒስቴር በለንደን ከሰሰ። የእንግሊዝ ከፍተኛ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በጁላይ 2014 ክሱ እንዲሰማ ፈቀደ።

የኢትዮጵያ መንግሥት ውንጀላውን አልተቀበለም፤ ሰፈራው በፈቃደኝነት የሚፈጸምና አገልግሎትን ለነዋሪው ለማቅረብ የታለመ ነው ብሏል። የምርመራ ጉባኤው በበኩሉ በሁለቱ መርሐ ግብሮች መካከል በአሠራር ረገድ ግንኙነት መኖሩንና ባንኩ ከዚያ የሚመጣውን አደጋ በሚገባ አለመመዘኑን ገለጸ። ብሪታንያም እ.ኤ.አ. በ2015 መጀመሪያ ለመርሐ ግብሩ መስጠቷን አቆመች።

በጉዳዩ ላይ ማንም የትኛውንም አቋም ይያዝ፣ አንድ ነገር ጎልቶ ይታያል። ስለ ወረዳ ገንዘብ አጠቃቀም የተነሣው ጥያቄ ዳኛ ያገኘው የለጋሹ አገር ዜጎች የግብር ገንዘባቸው የት እንደዋለ የመጠየቅ ልማድ ስላላቸው ነው። ገንዘቡ የራስ በሚሆንበት ጊዜ ያው ጥያቄ በራስ አገር ችሎት ሊነሣ ይገባል። የራስ ችሎት ሰሚ ከሆነ ቅሬታው እስከ ባዕድ አገር አይሄድም፤ የሚጠቀመውም ነዋሪው ብቻ ሳይሆን መንግሥቱም ነው።

በይተል ማልና የለጋሱ ኪስ

ለሌላው ሰው መብት መቆም ለኢትዮጵያም ለእስልምናም አዲስ ትምህርት አይደለም። በኢትዮጵያ መንገድ ላይ ጠብ ያየ አላፊ አግዳሚ «በሕግ አምላክ» ብሎ ተጣዪዎቹን ያስቆም ነበር። አንተ ምን አገባህ ተብሎ አይጠየቅም ነበር፤ ሕጉ የሁሉም ነውና። በሸሪዓ ሊቃውንት ዘንድ «ሒስባ» የሚባለውም ከዚህ ይቀራረባል። የጋራ መብት ሲጣስ በሹመት የተመደበው ሙሕተሲብ ብቻ ሳይሆን በራሱ ፈቃድ የሚነሣ ሙስሊምም ድምፁን የሚያሰማበት ሥርዓት ነው።

እ.ኤ.አ. በ1058 ያረፉት የባግዳዱ ቃዲ ኢማም አል-ማወርዲ «አል-አሕካም አስ-ሱልጣኒያ» በተባለው መጽሐፋቸው የሒስባን ሥራ ሲያብራሩ የመንደርን ውሃ እንደ ምሳሌ አንሥተዋል። የአንድ ከተማ የመጠጥ ውሃ ቢቋረጥ ወይም ቅጥሩ ቢፈርስ፣ በይተል ማል ማለትም የሕዝብ ግምጃ ቤት ጉዳት ሳያገኘው ሊያሠራው የሚችል ገንዘብ ካለው፣ እድሳቱ ከዚያ ይሆናል። ግምጃ ቤቱ ያጠረው እንደሆነ ግን ኃላፊነቱ አቅም ወዳላቸው የአገሩ ሰዎች ይዞራል። በዚህ ትምህርት ውስጥ ትልቁ ነገር ቅደም ተከተሉ ነው። የሕዝብ ገንዘብ ይቀድማል፤ የለጋሱ ኪስ ይከተላል።

ይህ ቅደም ተከተል በጅዳና በመካ በሚሰበሰበው የመንደር መዋጮ ላይ አብዛኛውን ጊዜ ተገልብጦ ይታያል። አስቀድሞ የሚከፍተው የስደተኛው ኪስ ነው፤ የወረዳው ድርሻ ስንት እንደነበረ የሚጠይቅ አይገኝም። በዚህ የሚጎዳው ለጋሱ ብቻ አይደለም። ለውሃ የተመደበ በጀት ካለና ውሃው በመዋጮ ከወጣ፣ የተመደበው ገንዘብ የት እንደዋለ የሚጠይቅበት ምክንያት ይጠፋል። ልግስናው ሳያውቀው የጉድለት መሸፈኛ ይሆናል። ዘመድ በባሕር ማዶ የሌለው ቀበሌ ደግሞ ግምጃ ቤቱንም ለጋሱንም አጥቶ ይቀራል።

ጅዳ ራሷ የአካባቢ አስተዳደር ገንዘብ በአግባቡ ሳይውል ሲቀር የሚመጣውን አይታለች። እ.ኤ.አ. ኖቬምበር 25 ቀን 2009 በሐጅ ወቅት የጣለው ዝናብ ባስከተለው ጎርፍ ከ100 በላይ ሰዎች አለቁ። የጎርፍ መውረጃ ሥራዎች ጉዳይ ተነሣ፤ ንጉሥ አብደላህ በመካ ክልል ገዥ በልዑል ኻሊድ አል-ፈይሰል የሚመራ አጣሪ ኮሚቴ አቋቋሙ፤ ባለሥልጣናትና ተቋራጮችም ለፍርድ ቀረቡ። በአስተዳደር ውሳኔ የተበደለ ሰው ደግሞ «ዲዋን አል-መዛሊም» ወደተባለው የአስተዳደር ፍርድ ቤት ያመለክታል። የጅዳው ተጠያቂነት ከላይ በትእዛዝ የመጣ ነው፤ የቤንጋሉ ከታች በአቤቱታ የመጣ ነው። የሁለቱም መነሻ ግን ለሕዝብ የተመደበ ገንዘብ አማና ነው፣ አማናም ባለቤት አለው የሚለው ነው።

ፍርድ ቤቱ ምን ይጠየቅ፣ ምንስ አይጠየቅ?

የሕዝብ ጥቅም ክስ ሲነሣ አንድ ተገቢ ስጋት ይቀርባል። በጀት ማውጣት የተመረጠ ምክር ቤት ሥልጣን ነው፤ ዳኛ ስለ ቀበሌ ውሃና ስለ ወረዳ መንገድ ቀመር ማውጣት ከጀመረ ሥልጣን ይደበላለቃል። ስጋቱ እውነት አለው። የቤንጋሉ ፍርድ ያሳየው ግን ፍርድ ቤት በጀት ሳይመድብም የመንደርን ድርሻ ማስጠበቅ እንደሚችል ነው። ዳኞቹ ሕጉ የፈቀደው እንዲደርስ፣ እግዱም ገደብ እንዲኖረው አዘዙ እንጂ ለመንደሮቹ ይህን ያህል ይሰጥ አላሉም። በኢትዮጵያም ከፍርድ ቤት የሚጠበቀው ከዚህ አይበልጥም፦ በምክር ቤት የጸደቀው እንዲደርስ፣ የወጣውም ለሕዝብ እንዲገለጽ።

ለዚህ የሚያስፈልገው የመጀመሪያው ነገር ማስረጃ ነው። በመሠረታዊ አገልግሎቶች መርሐ ግብር ዘመን ወረዳዎች በጀታቸውን ተራው ነዋሪ በሚገባው መልኩ በማስታወቂያ ሰሌዳ እንዲለጥፉ ይደረግ ነበር። ይህ ልማድ ባለበት ሊጠናከር፣ በሌለበት ሊጠየቅ ይገባል። አዋጅ ቁጥር 590/2000 ማንኛውም ሰው ከመንግሥት አካል መረጃ የመጠየቅ መብት እንዳለው ይደነግጋል። የሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋም ደግሞ ከተበዳዩ ብቻ ሳይሆን ከሦስተኛ ወገንም አቤቱታ ይቀበላል፤ ውጤቱ የመፍትሔ ሐሳብ እንጂ ፍርድ ባይሆንም፣ ለችሎት የሚያገለግል መዝገብ ያስገኛል።

ሁለተኛው ነገር በመዋጮው አሰባሰብ ላይ የሚደረግ ለውጥ ነው። በአማራ ክልል በፊንላንድ ድጋፍ በተካሄደው የገጠር ውሃ ሥራ ገንዘቡ በአማራ ብድርና ቁጠባ ተቋም በኩል ነዋሪው ራሱ ለመረጠው የውሃ ኮሚቴ ይደርስ ነበር። ኮሚቴው ዕቃ ይገዛል፣ ሠራተኛ ይቀጥራል፣ ሒሳቡን ለነዋሪው ያቀርባል። ገንዘቡ የእኔ ነው የሚለው የመንደር ሰው ጉድጓዱንም እንደ ራሱ ንብረት ይጠብቃል። በጅዳና በመካ መዋጮ የሚያሰባስቡ የቀዬ ልጆችም ገንዘቡን ከመላካቸው በፊት የወረዳው ድርሻ ስንት እንደሆነ በጽሑፍ ቢጠይቁ፣ የሁለቱም ወገን ድርሻ በአንድ ሰነድ ላይ ቢሰፍር፣ ነገ ለሚነሣው ጥያቄ ማስረጃውን ከዛሬው አዘጋጁት ማለት ነው።

ሦስተኛውና ከባዱ የሕጉና የምርጫው ነገር ነው። የሕንድ የመንደር ድጎማ በአግባቡ ለተመረጡ ምክር ቤቶች የሚሰጥ ነው። በኢትዮጵያ የአካባቢ ምክር ቤቶች ምርጫ በ2005 ዓ.ም. ተካሂዶ፣ በ2010 ዓ.ም. ሊደረግ የነበረው ቀጣዩ ተላልፏል። ስለ ቀበሌው የሚጠየቅ ትኩስ ውክልና ያለው ሰው በሌለበት፣ ለፍርድ ቤት የሚቀርበው ክስ ብቸኛው ድምፅ ሊሆን ይችላል። አዋጅ ቁጥር 300/1995 ለወንዙ የሰጠው መብት፣ ማለትም የግል ጥቅም ማስረዳት ሳያስፈልግ መክሰስ፣ ለመንደሩ ውሃ፣ ለትምህርት ቤቱና ለጤና ኬላው በጀትም ቢዘረጋ ከሕገ መንግሥቱ የሚጋጭበት ምክንያት አይታይም።

ምዕራብ ቤንጋል ላይ ያሸነፈው ማኅበር ባለጸጋ አልነበረም፤ አባላቱ በቀን ሥራ የሚተዳደሩ ናቸው። የያዙት ተስፋ የተጻፈ ሕግ፣ ጉዳዩን የሚሰማ ችሎትና ከሦስት ዓመት በላይ ያልተቋረጠ ትዕግሥት ነበር። ከሩዋይስ ሆኖ ለቀበሌው የሚያዋጣ ኢትዮጵያዊ ትዕግሥቱ አለው፤ ሕጉም በከፊል ተጽፏል። የቀረው ገንዘቡን በሚልክበት እጁ የወረዳውን ድርሻ የሚጠይቅ ደብዳቤም አብሮ መላኩ ነው።